አስጎብኚው በስልኩ ያሳየኝ ፒያሳ

በጥር 2017 ዓ.ም. ለሦስት ሳምንት አዲስ አበባ ነበርኩ። ከሄድኩ ስድስት ዓመት አልፎኝ ነበር። አንድ ቀን ጠዋት ታዲያ ዘመዶቼን ያሳቀ ነገር አደረግሁ፤ ባደግሁበት ከተማ አስጎብኚ ቀጠርኩ። ለሁለት ሰዓት ተኩል፣ ለእኔ ብቻ፣ በእግር፣ በ3,000 ብር። በጊዜው ምንዛሪ 25 ዶላር አይሞላም። «ፒያሳን ለማየት ብር ትከፍላለህ? ታክሲ ይዘህ ሄደህ አታየውም?» አለችኝ እህቴ።

እውነቷን ነው። ፈረንሳይ ለጋሲዮን ሳድግ ፒያሳን ያልረገጥኩበት ሳምንት አልነበረም። ግን ማየትና ማወቅ ለየቅል ናቸው። ያ ቤት የማን ነበር፣ ይህ ሰፈር ስሙን ከየት አገኘው ብዬ ማንንም ጠይቄ አላውቅም። መጠየቅ የጀመርኩት በሰው ሀገር ነው፤ እሱንም እናቴ ስትመጣ።

እኔ የምኖረው ኢስት ፖይንት ነው፤ ለአትላንታ አየር ማረፊያ ጎረቤት የሆነች ከተማ። የኢትዮጵያ አየር መንገድ ከግንቦት 2015 ዓ.ም. ጀምሮ አትላንታ መብረር ስለጀመረ እዚህ ያለን ሰዎች ወላጆቻችንን ማምጣት ትንሽ ቀሎናል። እናቴ በ2016 ክረምት ስትመጣ «የማርቲን ሉተር ኪንግን ሀገር አሳየኝ» አለችኝ። በባቡር ወደ መሀል ከተማ ወጣንና በኦበርን ጎዳና የምታስጎበኝ፣ በዕድሜ የገፋች የሰፈሩ ተወላጅ ቀጠርኩ። ኪንግ እ.ኤ.አ. በ1929 የተወለደበትን ቤትና የሰበከበትን የኤብኔዘር ቤተ ክርስቲያን ከውጭ አሳየችን። ከዚያ ወደ ምዕራብ ጥቂት ተጉዘን ከአንድ ግዙፍ የአውራ ጎዳና ድልድይ ሥር አቆመችን። ከላያችን መኪናው ያለማቋረጥ ይንጋጋል። «እዚህ የቆማችሁበት ቦታ ሰው ይኖርበት ነበር» አለችን። ተረጎምኩላት። እናቴ ቀና ብላ ድልድዩን አየችና «እንዴ፣ እዚህም አፍርሰዋል?» አለች።

አዎ፣ እዚህም አፍርሰዋል። ኦበርን በዘመኑ ተራ ጎዳና አልነበረም። ፎርቹን መጽሔት እ.ኤ.አ. በ1956 በዓለም ካሉ የጥቁሮች ጎዳናዎች ባለጸጋው እሱ ነው ብሎ ጽፎለት ነበር። በባርነት የተወለደው አሎንዞ ኸርንደን የመሠረተው የኢንሹራንስ ኩባንያ፣ ባንክ፣ ጋዜጣ፣ የሙዚቃ ቤት፣ ሁሉም እዚያ ነበር። በ1950ዎቹና በ1960ዎቹ ግን ዛሬ ሁላችንም ጠዋትና ማታ የምንማረርበት የ75 እና የ85 አውራ ጎዳና ሰፈሩን ለሁለት ከፈለው። ነዋሪው ተበተነ፤ ነዋሪው ሲበተን ሱቁም ተዘጋ። በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1980፣ የፌዴራል መንግሥቱ የኪንግን የልደት ቤትና አካባቢውን ታሪካዊ ሥፍራ ብሎ በሕግ ከለለ። ቤቱ ዳነ። ጎዳናው ግን እስከ ዛሬ አላገገመም፤ እ.ኤ.አ. በ2012 እንኳን በመላው አሜሪካ ለአደጋ ከተጋለጡ 11 ታሪካዊ ቦታዎች አንዱ ተብሎ ተመዝግቦ ነበር።

ከእዚያ ድልድይ ሥር የገባኝ ነገር ይህ ነው፦ ሐውልትን ማቆየትና ከተማን ማቆየት አንድ አይደሉም። ይህን ይዤ ነው ፒያሳ የሄድኩት።

አስጎብኚዬን ያገኘሁት ጊዮርጊስ ፊት ለፊት፣ ከምኒልክ ሐውልት ሥር ነው። ዕድሜው ወደ ሠላሳ የተጠጋ፣ ቀልደኛ፣ የዶሮ ማነቂያ ልጅ። በየካቲት 2016 የተመረቀውን የዓድዋ ድል መታሰቢያ አሳየኝ። አራዳ የሚባለው የከተማዋ ትልቅ ገበያ እዚሁ እንደነበረና ጣሊያን በወረራው ዘመን ገበያውን አሁን መርካቶ ወደምንለው ቦታ እንዳዛወረው ነገረኝ። «ስለዚህ አራዳ ሲፈርስ ይሄ የመጀመሪያው አይደለም» አለና ሳቀ። ሀገር ፍቅር ቴአትርን አለፍን። ጣይቱ ሆቴል በረንዳ ላይ ቡና ጠጣን፤ በጥር 2007 እሳት የበላውን ክፍል አሳየኝ። እስከዚህ ድረስ ጉብኝቱ የትኛውም ከተማ እንዳለ ጉብኝት ነው።

ከዚያ ወደ ዶሮ ማነቂያ ወረድን። ሰፊ የእግረኛ መንገድ፣ ሣር፣ አዳዲስ መብራቶች። መሀል ላይ ቆመና ስልኩን አወጣ። «እዚህ ጋ» አለኝ። ፎቶ ነው። የቆርቆሮ አጥር፣ ሰማያዊ በር፣ ገመድ ላይ የተሰጣ ልብስ፣ ጀበና ይዛ የተቀመጠች ሴትዮ። ስልኩን ከፍ አድርጎ ከፊታችን ካለው ቦታ ጋር አስተካከለው። በስልኩ መስኮት ሰፈር አለ፤ ከስልኩ ጀርባ ሣር አለ። «ሴትዮዋ እናቴ ናት» አለኝ። ሃያ ሜትር ተራመድንና ሌላ ፎቶ ከፈተ። እንደዚህ እያልን ከግማሽ ሰዓት በላይ የሌለ ሰፈር ጎበኘን።

ይህ ሰፈር የፈረሰው በ2016 ዓ.ም. አጋማሽ በተጀመረው የኮሪደር ልማት ነው። በቀጣዩ ዓመት ተራው የካዛንቺስ ሆነ፤ ብዙዎቹ ነዋሪዎች ገላን ጉራ ወደተሠራላቸው መንደር ተዛወሩ። ስለዚህ ጉዳይ በውጭ ያለነው ሰዎች የምንከራከርበትን መንገድ ታውቁታላችሁ። ግማሹ የመብራቱን ቪዲዮ እየለጠፈ «ሀገር ተለወጠ» ይላል፤ ግማሹ የግሬደሩን ቪዲዮ እየለጠፈ «ሀገር ጠፋ» ይላል። ሁለቱም ወገን ቪዲዮውን የሚያየው ሶፋው ላይ ተቀምጦ ነው። እኔም ከእነሱ አንዱ ነበርኩ።

በእግር ስትሄድበት ነገሩ እንደዚያ ቀላል አይደለም። ከአራት ኪሎ ፒያሳ ድረስ ጭቃ ሳልረግጥ፣ ቱቦ ውስጥ እገባለሁ ብዬ ሳልፈራ ተራመድኩ። በዊልቼር የሚሄድ ሰው አየሁ፤ በእኔ ልጅነት ይህ የማይታሰብ ነበር። የቀበሌ ቤቶቹም ናፍቆት እንደሚያሳምራቸው አልነበሩም። አስጎብኚዬ ራሱ ይህን ለማለት አልፈራም፦ «እናቴ አሁን ቤቷ ውስጥ ውሃ አላት፣ የራሷ ሽንት ቤት አላት። ይኼን ብክድ እግዜር ይታዘበኛል። ግን ቡና አፍልታ የምትጠራው ሰው የላትም። ጎረቤቶቿ በየኮንዶሚኒየሙ ተበትነዋል።»

እንግዲህ ጥያቄው «መልማት አለበት ወይስ የለበትም» አይደለም። አንድ ታሪካዊ ከተማ በእግር እንዲጎበኝ ሦስት ነገር ይፈልጋል፦ የሚሄዱበት መንገድ፣ የሚታይ ነገር፣ የሚያውቅ ሰው። ኮሪደሩ የመጀመሪያውን በደንብ ሰጠን። ከሁለተኛው ትልልቆቹን አስቀረልን፤ ሐውልቱ አለ፣ ጊዮርጊስ አለ፣ ጣይቱ ሆቴል አለ። ሦስተኛውን ግን ያሰበበት ያለ አይመስልም። የዶሮ ማነቂያን ስም ታሪክ፣ የትኛው ጠጅ ቤት የማን እንደነበረ፣ አርበኛ የተደበቀበትን ጓዳ የሚያውቁት አሮጊቶችና ሽማግሌዎች ዛሬ በየከተማው ዳር ተበታትነዋል። እነሱን የሚሰበስባቸው ቀብር ብቻ ነው።

ሕግ የለም እንዳይባል አለ። የቅርስ ጥናትና አጠባበቅ አዋጅ ቁጥር 209/1992 ቋሚ ቅርስ ያለ ባለሥልጣኑ ፈቃድ ከቦታው እንዳይነሳ ይከለክላል። ግን ሕጉ የሚጠብቀው ቅርስ የተባለውን ቤት ነው። ሰማያዊዋ በር ቅርስ አይደለችም። ቅያሱ ቅርስ አይደለም። ሴትዮዋም ቅርስ አይደሉም። ሦስቱ ሲደመሩ ግን ፒያሳን ፒያሳ ያደረጓት እነሱ ናቸው። «የአራዳ ልጅ» የሚለው አነጋገር ከሐውልት አልወጣም፤ ከቅያስ ነው የወጣው።

«የምግብ ዋጋ ሰማይ በነካበት ሀገር ይሄ ቅንጦት ነው» የሚለኝ ይኖራል። ገንዘቡን እናስበው። በቦሌ የሚያልፈው ትራንዚት መንገደኛ ግማሽ ቀን ቢያገኝ ምን እንሸጥለታለን? ሰፊ መንገድና ያሸበረቀ መብራት ዱባይ ሞልቷል። ዱባይ የሌለው የአርባ ልጆች ታሪክ ነው፤ ተፈሪ መኮንን ከኢየሩሳሌም ያመጧቸው ወላጅ አልባ አርመኖች፣ የቤተ መንግሥት ማርሽ ባንድ የሆኑት። ያንን የሚሸጠው ሕንፃው ሳይሆን በሁለት እግሩ የሚሄድ፣ የሚናገር ሰው ነው። ከእኔ የተቀበለው 3,000 ብር ደግሞ በቀጥታ የአንዲት እናት ቤት ይገባል።

እኔ ሶፍትዌር ሠሪ ነኝ። በእኛ ሥራ ከአሮጌ ሲስተም ወደ አዲስ ሲዛወር ማንም ጤነኛ ሰው ባክአፕ ሳይወስድ ዲሊት አያደርግም። አሮጌው መጥፎ ስለሆነ አይደለም የምንይዘው፤ ምን እንደነበረበት ከጠፋን አዲሱም ስለሚበላሽ ነው። ለአንድ ሰፈር ይህን ማድረግ ውድ አይደለም። ግሬደር ከመግባቱ በፊት ሁለት ወር፣ ካሜራ የያዙ ጥቂት የታሪክና የአርክቴክቸር ተማሪዎች፣ በየቤቱ አንድ ቃለ መጠይቅ፣ አንድ ካርታ። ከነዋሪዎቹም ጥቂቶቹ በነበሩበት አካባቢ የሚቆዩበት ቤት ቢታሰብ ደግሞ ከዚያ የበለጠ ነው።

ይህን የምለው ለፒያሳ አይደለም፤ ለፒያሳ መሽቷል። የኮሪደር ሥራው ወደ ክልል ከተሞች ተዛምቷል፤ ጎንደርም ሐረርም አሉበት። የፋሲል ግንብ እ.ኤ.አ. ከ1979፣ የሐረር ጀጎል ከ2006 ጀምሮ በዩኔስኮ መዝገብ ላይ ናቸውና ለነሱ የሚጮኽ አይጠፋም። ከግንቡ ውጭ ላሉት አሮጌ ሰፈሮች ማን ይጮኻል? ጎንደርና ላሊበላ ያሉ አስጎብኚዎች ደግሞ በኮቪድ፣ ከዚያ በሰሜኑ ጦርነት፣ ከ2015 መጨረሻ ወዲህ ደግሞ በክልሉ ግጭት ምክንያት ለዓመታት እንግዳ አጥተዋል። አንድ አስጎብኚ ባጃጅ መንዳት ሲጀምር ከተማው የሚያጣው ሠራተኛ ብቻ አይደለም፤ ከአባቶች ሲቀባበል የመጣ ዕውቀትም አብሮት ይሄዳል።

እኛስ? ወደ ሀገር ቤት ስንሄድ ለሆቴልና ለሠርግ የምናወጣውን አውቀዋለሁ። ከዚያ ላይ አንድ ጠዋት ቀንሰን፣ የሰፈሩን ልጅ በተገቢ ዋጋ ቀጥረን፣ ከተማችንን በእግር እንይ። ልጆቻችን ሲያድጉ «አባዬ ያደግህበትን አሳየኝ» ብለው መጠየቃቸው አይቀርም፤ ያኔ ፎቶ የለጠፍንበት ሳይሆን ቆመን ያዳመጥንበት ነው የሚጠቅመን። የወላጆቻችንንም አልበም ስካን እናድርግ፤ በሠርግ ፎቶ ጀርባ ብዙ የፈረሰ ሰፈር አለ።

በመጨረሻ ጉብኝቱ ሲያበቃ አስጎብኚዬን «ፎቶዎቹን ሌላ የት አስቀምጠሃቸዋል?» አልኩት።

«የትም። እዚሁ ስልኬ ላይ ናቸው፤ ወደ አራት መቶ ይሆናሉ።»

«ስልክህ ቢሰረቅስ?»

ትከሻውን ነቀነቀ። «ያኔ ዶሮ ማነቂያ ሁለተኛ ፈረሰች ማለት ነው።»

በዚያው ማታ ሆቴል ወስጄው ሁሉንም በሃርድ ዲስክ ገለበጥን፤ አንዱን እሱ ያዘ፣ አንዱን በፈቃዱ እኔ ይዤ መጣሁ። ይህን ስጽፍ ኢስት ፖይንት ባለው ጠረጴዛዬ መሳቢያ ውስጥ ነው። አንድ የአዲስ አበባ ሰፈር በጆርጂያ መሳቢያ ውስጥ መቀመጡ ደስ አይለኝም። ቦታው ወመዘክር ነው፤ ካልሆነም ስድስት ኪሎ የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም። ለመስጠት ተስማምተናል፤ ስሙ እንዲጻፍለት ብቻ ነው የሚፈልገው፤ የእሱና የእናቱ።

የቀሩት ሰፈሮች ግን እንዲህ በአንድ ልጅ ስልክ መትረፍ የለባቸውም። ቸር ያሰማን።