«አዲስ ዓለም» እና የጀመዓችን መደርደሪያ



ባለፈው ሳምንት ከዒሻ ሶላት በኋላ ጥቂት ልጆች ሆነን የጀመዓችንን የመጽሐፍ መደርደሪያ ስናስተካክል ነበር። አቧራውን ጠርገን፣ የተቀደደውን ለጥፈን፣ ተፍሲሩን ከተፍሲር፣ ሲራውን ከሲራ ጋር ስናደርግ ከታች በኩል አንድ ካርቶን አገኘን። ከዓመታት በፊት የተመረቀ ወንድም ትቶት የሄደ ነው። ውስጡ ሰባት መጻሕፍት አሉ። ሁሉም በእንግሊዝኛ የተጻፉ፣ ሁሉም ስለ አሜሪካ አህጉር የሚያወሩ ናቸው። አንዱ የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎች የታሪክ መማሪያ ነው፤ ሁለቱ ከኮሎምበስ በፊት ስለነበሩት ሕዝቦች ይተርካሉ፤ የቀሩት ስለ ባሪያ ንግድና ስለ ደቡብ አሜሪካ ናቸው።

«እነዚህ ለእኛ ምን ያደርጉልናል?» አለ አንድ ወንድማችን። «የሐዲስ ኪታብ ቦታ አጥቶ ካርቶን ላይ ተደርቦ፣ የአሜሪካ ታሪክ መደርደሪያ ይይዛል? በኪሎ ለሱቅ እንሽጠውና በገንዘቡ የተጅዊድ መጽሐፍ እንግዛበት።» ሌሎችም ደገፉት። ነገሩ ለሹራ ተላለፈና በሚቀጥለው ስብሰባ ይወሰናል። ከዚያ በፊት እኔም የበኩሌን ልበል ብዬ ይህን ጻፍሁ። መጻሕፍቱ ይቆዩ ባይ ነኝ። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በመጀመሪያ የወንድማችን ሥጋት እውነት መሆኑን ልመን። ቦታችን ጠባብ ነው፤ የሳንቲም ሣጥናችንም እንደምታውቁት ነው። ቁርአን በቅጡ ሳይቀሩ የሩቅ አገር ታሪክ ማሳደድ ቅደም ተከተል ማዛባት ነው፤ በዚህ አልከራከርም። የምከራከረው «ለእኛ አይመለከተንም» በሚለው ላይ ነው። ምክንያቱም ካርቶኑን ወደ ዶርም ወስጄ ሦስት ሌሊት ሳገላብጥ ያገኘሁት ሌላ ነው።

ያገኘሁት ሙስሊሞችን ነው። ዑመር ኢብን ሰዒድ የሚባል ሰው አለ። በዛሬዋ ሴኔጋል በፉታ ቶሮ በ1770 አካባቢ ተወለደ። ሃያ አምስት ዓመት ያህል በዒልም ፍለጋ ያሳለፈ ደረሳ ነበር። በ1807 ተማርኮ በመርከብ ወደ ቻርልስተን ተወሰደና ተሸጠ። ከክፉ ጌታው ሸሽቶ ሲያዝ እስር ቤት ገባ፤ በእስር ቤቱ ግድግዳ ላይ በከሰል ዐረብኛ ይጽፍ እንደነበር ይነገራል። በ1831፣ ገና ባሪያ ሳለ፣ የሕይወት ታሪኩን በዐረብኛ ጻፈ። ጽሑፉን የጀመረው በምን መሰላችሁ? በሱረቱል ሙልክ። ሥልጣን ሁሉ በአላህ እጅ መሆኑን በሚናገረው ሱራ። አንድ ሰው የሌላ ሰው ንብረት ተደርጎ በተመዘገበበት አገር፣ ባለቤትነት የማን እንደሆነ በመጀመሪያው ገጽ ላይ አስቀመጠ። በዙሪያው ያሉት ያንን ማንበብ አይችሉም ነበር። ጽሑፉ ዛሬ በዋሽንግተን የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ይገኛል።

እሱ ብቻ አይደለም። የፉታ ጀሎኑ የመሪ ልጅ ዐብዱረሕማን ኢብራሂማ በ1788 ተይዞ ሚሲሲፒ ውስጥ አርባ ዓመት በባርነት ኖረ። ነጻ ወጥቶ ወደ አፍሪካ ሲመለስ ላይቤሪያ ደርሶ የትውልድ አገሩን ሳያይ በ1829 ሞተ። የቡንዱው አዩባ ሱለይማን ዲያሎ ከሜሪላንድ የትምባሆ እርሻ ለአባቱ በዐረብኛ ደብዳቤ ጻፈ፤ በዚያ ደብዳቤ ሰበብ እንግሊዝ አገር ደርሶ ነጻ ወጣ፤ እዚያም ሳለ ቁርአንን በቃሉ ጻፈ። በብራዚል፣ በባሂያ ሳልቫዶር ከተማ ደግሞ በጥር 1835፣ በረመዷን የመጨረሻዎቹ አሥር ቀናት ውስጥ፣ ሙስሊም ባሪያዎች ለነጻነታቸው ተነሡ። አመፁ በአንድ ሌሊት ተቀጠቀጠ፤ ከተያዙት ሰዎች ላይ ግን በዐረብኛ የተጻፉ ወረቀቶች ተገኙ። ቃዒዳ የቀሩት ልጆች በባርነት ውስጥ ሆነው ሌሎችን ያስቀሩ ነበር ማለት ነው። እንግዲህ «አይመለከተንም» ያልነው ካርቶን የእነዚህን ሰዎች ስም የያዘ ነው። በኪሎ ተሽጦ በርበሬ ቢጠቀለልበት ማን ያስታውሳቸዋል?

ሁለተኛው ምክንያቴ ከመጀመሪያው ይልቅ ያስጨንቀኛል። ባለፈው ወር በቴሌግራም ግሩፓችን አንድ ጽሑፍ ሲዘዋወር አይታችኋል። «አሜሪካን ያገኙት ሙስሊሞች ናቸው፤ ኮሎምበስ ራሱ ኩባ ውስጥ መስጂድ እንዳየ በማስታወሻው ጽፏል» ይላል። ከስልሳ በላይ ልብ ተሰጥቶታል። እኔም ሰጥቻለሁ፤ አልዋሽም። ደስ ብሎኝ ነበር። በ2014 የቱርኩ ፕሬዚዳንት ኤርዶጋንም ይህንኑ ተናግረው ስለነበር እውነት መሰለኝ።

ከካርቶኑ ውስጥ ያለው መጽሐፍ ግን አሳፈረኝ። ኮሎምበስ በጥቅምት 1492 የጻፈው በባሕሩ ዳር ከተራራው አናት ላይ መስጂድ የሚመስል ጉብታ እንዳየ ነው። ጉብታ ነው እንጂ መስጂድ አይደለም። ታዲያ ለምን በመስጂድ መሰለው? መልሱ ከሐሰቱ ወሬ ይልቅ ትምህርት አለው። በዚያው ዓመት በጥር ወር በአንደሉስ የመጨረሻዋ የሙስሊም ከተማ ግራናዳ እጅ ሰጥታ ነበር። ኮሎምበስ ከዚያ ድል ወራት በኋላ በዚያው ንጉሥና ንግሥት ገንዘብ ነው የተጓዘው። ኮርቴስም ወደ ሜክሲኮ ሲገባ የአዝቴኮችን ቤተ ጣዖት ለንጉሡ በጻፈው ደብዳቤ «መስጂድ» እያለ ይጠራው ነበር። እነዚያ ሰዎች የተለየ እምነት ያለውን ሕዝብ የሚያውቁት በአንድ ስም ብቻ ስለነበር፣ ባሕር ተሻግረውም ያንኑ ስም ይዘው ሄዱ። ግራናዳን ያሸነፉበት ዓይን አሜሪካን አየበት። ከ1499 ጀምሮ በግራናዳ የዐረብኛ ኪታቦች በአደባባይ ተቃጠሉ፤ በ1562 ደግሞ ማኒ በምትባል የዩካታን ከተማ ዲዬጎ ዴ ላንዳ የማያዎችን መጻሕፍት አቃጠለ። ዛሬ በዓለም ላይ የተረፉት የማያ መጻሕፍት አራት ብቻ ናቸው።

ስለ ማሊው ንጉሥ የሚነገረውም እንዲሁ ነው። መንሳ ሙሳ ካይሮ በደረሰ ጊዜ ከእሱ በፊት የነበረው ንጉሥ ብዙ መርከቦች አስከትሎ ወደ ምዕራቡ ውቅያኖስ እንደሄደና እንዳልተመለሰ መናገሩን አል-ዑመሪ መዝግቦታል። መሄዱ ተጽፏል፤ አሜሪካ መድረሱ ግን የትም አልተጻፈም። ሱረቱል ሑጁራት 6ኛው አንቀጽ ላይ አላህ (ሱ.ወ.) ወሬ ሲመጣልን እንድናጣራ አዞናል። ደስ የሚል ወሬ ከዚህ ትእዛዝ ነጻ አልተደረገም። ሐዲስ ሲሆን ኢስናዱን የምንጠይቅ ሰዎች፣ ታሪክ ሲሆን ለምን ዝም እንላለን? በየክፍላችን ያሉ ጓደኞቻችን አንድ ሐሰት ከእኛ ከሰሙ እውነቱንም አያምኑንም። ዑመር ኢብን ሰዒድን የመሰለ እውነት እያለን ከጉብታ ላይ መስጂድ መሥራት አያስፈልገንም። ስለ ዑመርም ቢሆን ሙሉውን እንናገር። በዙሪያው የነበሩት ክርስትና ተቀብሏል ብለው መዝግበውታል፤ የልቡን ነገር የታሪክ ሰዎች እስከ ዛሬ ይከራከሩበታል፤ የሚያውቀው አላህ ነው።

ሦስተኛው ምክንያቴ ከግቢያችን በር ውጭ ያለ ነው። ደባርቅ ገበያ ቅዳሜ ወጥታችሁ ድንች የተቆለለበት ሄዳችሁ ቁሙ። እኔ የዕፅዋት ሳይንስ ተማሪ ነኝ፤ ድንች ከውጭ የመጣ መሆኑን በክፍል ተምሬአለሁ። ከማን እንደመጣ ግን አስቤ አላውቅም ነበር። ድንች የአንዲስ ተራራ ገበሬዎች፣ የዛሬዎቹ የፔሩና የቦሊቪያ ሰዎች አባቶች፣ ከሺህ ዓመታት በፊት ያላመዱት ሰብል ነው። ወደ አገራችን በ1858 ያስገባው በሰሜኑ ገዥ በደጃዝማች ውቤ ዘንድ የኖረው ጀርመናዊው የዕፅዋት ተመራማሪ ሺምፐር እንደሆነ ይነገራል። በቆሎም ከሜክሲኮ ነው፤ «የባሕር ማሽላ» የሚለው ስሙ ራሱ ባሕር ተሻግሮ መምጣቱን ይነግረናል። በርበሬም ከዚያው አህጉር ነው። ከ1492 በፊት በአበሻ ምድር ማንም በርበሬ የገባበት ወጥ በልቶ አያውቅም።

ከሁሉም የገረመኝን ልንገራችሁ። በዳባትና በደባርቅ ገበሬ ውርጭ ጠላቱ ነው፤ አንድ ሌሊት ወርዶ የዓመት ልፋት ይዞ ይሄዳል። በቲቲካካ ሐይቅ ዙሪያ፣ ከባሕር ወለል በላይ 3,800 ሜትር ያህል ላይ የሚኖሩት ገበሬዎች ውርጩን ሠራተኛ አድርገውታል። የተቆፈረውን ድንች ሌሊት ሜዳ ላይ ዘርግተው በውርጭ ያስመቱታል፤ ጧት በእግራቸው ረግጠው ውኃውን ያወጡታል፤ ከዚያ በፀሐይ ያደርቁታል። እንዲህ የደረቀ ድንች ለዓመታት ይቀመጣል። ይህን ሳነብ አባቴ በበሰበሰ ድንች ጉድጓድ ላይ ቆሞ ዝም ያለበት ቀን ትዝ አለኝ። የእኛ ውርጭና የእኛ ፀሐይ ለዚህ ይበቃ እንደሆነ አላውቅም፤ ለመመረቂያ ጽሑፌ ግን ርእስ አግኝቻለሁ። ሱረቱል ሑጁራት 13ኛው አንቀጽ ሕዝቦችና ጎሳዎች የተደረግነው እንድንተዋወቅ መሆኑን ይናገራል። ከተራራ ሰው ጋር የተራራ ሰው ቢተዋወቅ ከዚህ የበለጠ ምን ትርጉም አለው?

አውሮፓውያን አሜሪካን «አዲስ ዓለም» አሏት፤ ለእነሱ አዲስ ስለሆነች። እኛ «አዲስ ዓለም» ስንል ግን ጎንደር ውስጥ ያለውን የሙስሊሞች ሰፈር ነው። የዚያ ሰፈር ነጋዴዎች ቅፍላቸውን እየነዱ በዳባትና በደባርቅ አልፈው፣ ሊማሊሞን ወርደው፣ እስከ ምጽዋ ይሄዱ ነበር። ዛሬ አውቶቡስ ውስጥ ተኝተን የምናልፍበት መንገድ የአያቶቻችን መንገድ ነው። ያንን ታሪክ ማን ጻፈው? በየቤቱ በቆዳ ተጠቅልሎ የተቀመጠው ኪታብ፣ በዐጀም የተጻፈው መንዙማ፣ የአያቶቻችን ወሬ፣ ሳይመዘገብ አንድ በአንድ እየጠፋ ነው። የማያ መጻሕፍት አራት ብቻ የቀሩት እሳት ስለገባባቸው ነው። የእኛ ግን ማንም ሳያቃጥለው በምስጥና በዝምታ ሊያልቅ ይችላል። የሌላውን ሕዝብ ታሪክ ማንበብ የራስን ዋጋ ያስተምራል የምለው ለዚህ ነው።

ስለዚህ ለሹራው ሦስት ነገር አቀርባለሁ። አንደኛ፣ ሰባቱ መጻሕፍት የመደርደሪያውን ታችኛ ጥግ ይያዙ። ለሐዲስ ኪታቦቹ ደግሞ ተጨማሪ ሳንቃ እኔና ሁለት ጓደኞቼ ከኪሳችን አዋጥተን እናሠራለን። ሁለተኛ፣ በወር አንድ እሑድ ከደርሱ በኋላ ሃያ ደቂቃ ይሰጠንና አንድ ሰው ያነበበውን አንድ ምዕራፍ በአማርኛ ይንገረን፤ እንግሊዝኛው ለከበደው መዝገበ ቃላት ይዘን አብረን እንቀመጣለን። የመጀመሪያውን ከታሪክ ትምህርት ክፍል የሆነች እህታችን ስለ ባሂያው አመፅ ልትናገር ፈቃደኛ ናት። ሦስተኛ፣ በግሩፓችን የታሪክ ጽሑፍ የሚለጥፍ ሰው ከየት እንዳመጣው አብሮ ይጻፍ። ምንጭ ከሌለው ይቆይ።

መጽሐፎቹ ይሸጡ ላለው ወንድሜ ደግሞ አንድ ነገር ልለምነው። ከስብሰባው በፊት የዑመርን ምዕራፍ አንብበው፤ አሥራ ሁለት ገጽ ነው፤ መጽሐፉ እኔ ዶርም አለ። ካነበብህ በኋላ አሁንም ይሸጥ ካልህ፣ ካርቶኑን ተሸክሜ ሱቅ ድረስ አብሬህ እሄዳለሁ።

ወላሁ አዕለም።