ስድብ በዕድሜ አይከበርም

በድሮ ዘፈንና መጽሐፍ ያለ የዘር ስድብ በዘመኑ ነውር አልነበረም፣ በአሜሪካዊው ደራሲ በማርክ ትዌይን መጽሐፍ ውስጥ ባለው የጥቁሮች ስድብ ላይ የሚነሳው ሙግትም የአሜሪካኖች እንጂ የኛ አይደለም የሚል አስተያየት ታትሞ አነበብን። ነውር ካልነበረ አፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ብረት ሠሪውን ጠይብ፣ ቆዳ ሠሪውን ፋቂ እያለ የሚሰድበውን የሚከለክል አዋጅ ለምን አስነገሩ? ያልታመመ መድኃኒት አይሻም። ተሰዳቢውስ በዘመኑ አላመመውም ያለው ማነው? ሰዳቢው!

ላስታን እንይ። 11ዱ ውቅር አብያተ ክርስቲያናት የጠራቢ እጅ ሥራ ናቸው፤ ዓለም ይሳለማቸዋል። በንጉሥ ላሊበላ ስም የሚጠሩት ላሊበሎች ግን ጎህ ሳይቀድ ነጠላ ተከናንበው፣ የአባወራውን ስም ከጎረቤት ጠይቀው በግጥም እያሞገሱ በየደጁ ይለምናሉ። ካላዜሙ ሥጋ ደዌ ይይዛቸዋል ይባላል። ምርቃታቸውን «አሜን» ብሎ የተቀበለ ጆሮ፣ ፀሐይ ስትወጣ «ሐሚና» ብሎ እየሰደበ ልጃቸውን ለጋብቻ ይጸየፋል። ቃሉ ሙያ ቢገልጽ ኖሮ ሙያውን የተወ ሰው ከስሙ በተላቀቀ ነበር፤ የሚወረሰው ግን በደም ነው።

ታዲያ የድሮው ጽሑፍ ይፋቅ? አይፋቅ። የትዌይንን ስድብ «ባሪያ» በሚል የተካው የ2003 ዓ.ም. እትም ቁስሉን ሸፈነ እንጂ አላከመም። ቃሉ በቦታው ይቆይ፣ ግርጌው ማንን እንዳቆሰለ ይናገር። ማቆየት ሌላ፣ ማክበር ሌላ!