የፍርድ ቤትን ትእዛዝ የሚፈጽም ፖሊስ ለወለጋ ነጋዴ!

የተከበራችሁ የነቀምት፣ የጊምቢ፣ የሻምቡ፣ የነጆና የደምቢ ዶሎ ነዋሪዎች፤

ንግድ ፈቃድ አውጥቶና ግብሩን ከፍሎ የሚሠራ ዜጋ ከመንግሥት የሚጠብቀው ውለታ ሳይሆን ጥበቃ ነው። በ1987 ዓ.ም. የጸናው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 41 ማንኛውም ኢትዮጵያዊ በየትኛውም የአገሪቱ ክፍል በመረጠው ሥራ ተሰማርቶ የመኖር መብት እንዳለው ደንግጓል። ታዲያ ደጃፉ የተዘጋበት፣ የገዛ ዕቃውን በራሱ ሠራተኛ እንዳያወርድ የተከለከለ ነጋዴ አቤት የሚለው ለማን ነው?

ሕጉ መልስ አላጣም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 1149 በይዞታው ላይ ሁከት የተፈጠረበት ሰው ሁከቱ እንዲወገድለትና ካሣ እንዲከፈለው መጠየቅ እንደሚችል ይናገራል። የ1958ቱ የሥነ ሥርዓት ሕግም ክርክሩ እስኪያልቅ ድረስ ፍርድ ቤት የዕግድ ትእዛዝ እንዲሰጥ ይፈቅዳል። ችግሩ የሚጀምረው ከችሎቱ በር ውጭ ነው። ዳኛው ሁከቱ ይወገድ ብሎ ይፈርማል፤ ነጋዴው ትእዛዙን ይዞ ፖሊስ ጣቢያ ይሄዳል። ፖሊስ ግን ተጠሪነቱ ለአስተዳደሩ ነው። ጣቢያው «ተነጋግራችሁ ተስማሙ» ብሎ ከመለሰው ፍርዱ የኪስ ወረቀት ሆኖ ይቀራል።

በአዲስ አበባም ሆነ በክልል ከተሞች ሕዝቡን ያስመረረውን የጫኝና አውራጅ ነገር እንመልከት። ተስማምቶ ሠርቶ ዋጋ መቀበል ክቡር ሥራ ነው፤ ሳይሠሩ ክፈል ማለት ግን ንጥቂያ ነው። ወጣቱ ሥራ ማጣቱ እውነት ነው። ሆኖም ሥራ መፍጠር ያቃተው አስተዳደር የሰው ደጃፍ እንደ ሥራ ዕድል ሲታደል አይቶ ዝም ሊል አይገባም። በሕንድ የኬረላ ክልል ሸክም ሳይነኩ ዳር ቆመው ክፍያ የሚጠይቁ ነበሩ። እዚያ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ለነጋዴዎች የፖሊስ ጥበቃ እንዲሰጥ ሲያዝ ቆይቷል፤ የክልሉ መንግሥትም ክፍያውን እ.ኤ.አ. በ2018 ከልክሏል።

የእኛ ነጋዴ ግን መከራው ድርብ ነው። በ2010 ዓ.ም. የኦሮሚያ ከተሞች በአድማ ሲዘጉ፣ ከፍቶ በአድማ መቺው፣ ዘግቶ በአስተዳደሩ እሸጋ ፍርሃት መካከል ቆመ። በጥር 2011 ዓ.ም. በምዕራብና በቄለም ወለጋ ከ10 በላይ የባንክ ቅርንጫፎች ተዘረፉ። በ2012 ዓ.ም. ስልክና ኢንተርኔት ለወራት ተቋርጦ የቡናና የበቆሎ ገበያው ተሰናከለ። ገዢዎቻችን «ጸጥታው ይረጋ፣ ሕጉ ይደርሳል» ይሉናል። እኛ ደግሞ ጸጥታ የሚረጋው ሕግ ሲፈጸም ነው እንላለን! የተቃዋሚን ስብሰባ ለመበተን በደቂቃዎች የሚደርስ ኃይል፣ የዳኛ ትእዛዝ ለመፈጸም ሰው አጣሁ ሊል አይችልም።

በመሆኑም ፓርቲያችን ቢመረጥ፦

ሀ. ፖሊስ የፍርድ ቤት የጥበቃ ትእዛዝ በደረሰው በ24 ሰዓት ውስጥ እንዲፈጽም፣ ካልፈጸመም ምክንያቱን ለችሎቱ በጽሑፍ እንዲያስረዳ በሕግ ያስገድዳል፤

ለ. ለእያንዳንዱ ትእዛዝ በስም የሚጠየቅ መኮንን እንዲመደብ፣ ትእዛዝ አልፈጽምም ያለም በግሉ እንዲጠየቅ ያደርጋል፤

ሐ. ጥበቃው ለባለ ፎቁም ለጉልት ነጋዴዋም እኩል፣ ያለ ክፍያና ያለ ደጅ ጥናት እንዲሆን ያደርጋል፤

መ. የጫኝና አውራጅ ማኅበራት በግልጽ ዋጋና በስምምነት ብቻ እንዲሠሩ፣ ባለ ንብረቱም በራሱ ሰው የማውረድ መብቱ እንዲከበር ያደርጋል።

ይህ ጥበቃ የሠራተኛውን የሥራ ማቆም መብት ወይም ሰላማዊ ሰልፍን ለማፈን ሰበብ አይሆንም፤ ሁለቱም በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 42 እና 30 የተጠበቁ ናቸው። መቃወም መብት ነው፤ የሌላውን እንጀራ መዝጋት ግን መብት አይደለም።

ውድ መራጮች! ፍርድ አግኝታችሁ ፈጻሚ ያጣችሁ ሁሉ፣ ድምፃችሁን ፍርዱን ለሚያስፈጽም ስጡ!