ስደቱ አየር ማረፊያ አይጀምርም

ስለ ስደት የሚሠሩ ፊልሞቻችን አብዛኞቹ ቦሌ ላይ ይጀምራሉ፤ ሻንጣ፣ እንባ፣ እቅፍ። ዳንግላ ሆኜ ሳየው ጸሐፊዎቻችን ስደቱ ላይ የሚደርሱት ካለፈ በኋላ ነው።

ጠዋት መናኸሪያችን ብቅ ይበሉ። የባሕር ዳሩ መኪና እስኪሞላ እናት ከታች ቆማ በመስኮቱ በኩል በአውንግኛ ታሳስባለች፦ ስንቅህን እንዳትረሳ፣ ስትደርስ ደውል። ልጁ አጠገቡ የተቀመጡትን ገልመጥ ያደርግና በአማርኛ፣ ያውም ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «እሺ እማዬ፣ በቃ» ይላታል። ሾፌሩ ሞተር እንኳ አላስነሳም።

የፊልም ዳይሬክተሩ ኃይሌ ገሪማ እንዲህ ያለውን ነገር አያልፈውም። ጎንደር ተወልዶ፣ አሜሪካ ተሻግሮ፣ ሀዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለረጅም ዓመታት ያስተማረ ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ2008 ቬኒስ ፊልም ፌስቲቫል ላይ የዳኞችን ልዩ ሽልማትና የምርጥ ስክሪፕት ሽልማት ያገኘው «ጤዛ» ውስጥ፣ አንበርብር ጀርመን ተምሮ፣ እግሩን አጥቶ፣ በደርግ ማብቂያ ዋዜማ እናቱ ቤት ይመለሳል። መንደሩ ውስጥ ወጣቶች ለጦርነት ይታፈሳሉ። የተማረ ሰው መጣ ብሎ የጠበቀው ሁሉ ግን የሚያገኘው ሌሊት በቅዠት የሚጮህ ሰው ነው። አገሩ ገብቷል፤ እንግዳነቱ አልለቀቀውም።

ዳይሬክተር ያሬድ ዘለቀ ደግሞ በልጅነቱ ከአገር የወጣ ነው። እ.ኤ.አ. በ2015 ካን ላይ የታየው «ላምብ» ግን ባሕር አያሻግረንም። ኤፍሬም እናቱን ድርቅ ወስዶበት፣ አባቱ ዘመድ ቤት ጥሎት ሥራ ፍለጋ ይሄዳል። ልጁ ወጥ መሥራት ይወዳል፤ አጎቱ «የሴት ሥራ» ብሎ ይቆጣዋል፣ የሚወዳትን በጉንም ለበዓል ሊያርድበት ያስባል። መፈናቀልን በድስትና በበግ የጻፈ ሰው፣ ለእኔ፣ ድንበር በማሻገር ከሚያደክሙን ሁሉ ይበልጣል።

ዳንግላ ባለችበት በእዚሁ አዊ ዞን ውስጥ በ2013 ዓ.ም. ከመተከል የተፈናቀሉ በብዙ ሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ቻግኒ አጠገብ ራንች መጠለያ ነበሩ። ዜናው እርዳታውን በኩንታል ነገረን። ከዚያ ወዲያ ማን ምን እያለ ልጁን እንዳስተኛ፣ በየትኛው ቋንቋ እንደተጣላ፣ የጻፈልን የለም። ፊልሞቻችን ውስጥ ገጠሬው ሁሉ አንድ ዓይነት አማርኛ ይናገራል፤ የሚገባውም ለማሳቅ ነው። አውንግኛ ተናጋሪው አገው ቤቱ ውስጥ በምን እንደሚነጋገር የጠየቀ ጸሐፊ እስካሁን አላጋጠመኝም።

ፕሮዲውሰሮች «አውንግኛ ማን ያየዋል?» ይላሉ አሉ። ይኸው ተመልካች ዓመታት ሙሉ በአማርኛ ተተርጉሞ የቀረበለትን የቱርክ ድራማ በቃና ቴሌቪዥን ሲከታተል ያመሸ ነው። ከታች አማርኛ ጽሑፍ ማስገባት ስንት ብር እንደሚፈጅ ይንገሩንና እንከራከር።