ማሽንን የሚያኖረው ሰው ነው

ጄኔቫ አጠገብ፣ ሰርን በተባለው የምርምር ማዕከል፣ ፕሮቶን ሲንክሮትሮን የሚባል ማሽን አለ። ዙሪያው 628 ሜትር በሆነ ቀለበት ውስጥ ፕሮቶኖችን በኤሌክትሪክ ኃይል በየዙሩ እየገፋ ያፈጥናል፤ ፍጥነታቸው ሲጨምር ማግኔቶቹም አብረው እየበረቱ ከመስመር እንዳይወጡ ይይዟቸዋል። ሥራ የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1959 ነው። 27 ኪሎ ሜትር ዙሪያ ወዳለው ታላቁ ማፋጠኛ የሚገቡት ፕሮቶኖችም በእሱ በኩል ያልፋሉ። ይህን ያህል ዕድሜ የሰጠው ብረቱ ብቻ አይደለም፤ የሚጠግኑትና የሚያሻሽሉት ባለሙያዎች በየትውልዱ ስለተተኩ ነው።

«መብራት በሚጠፋበት ጁባ ይህ ምን ይጠቅመናል?» የሚል ይኖራል። ይጠቅመናል። ዛሬ ካንሰርን በጨረር ለማከም በብዙ ሆስፒታሎች የሚሠራበት ማሽንም ማፋጠኛ ነው፤ የሚያፈጥነው ኤሌክትሮንን ነው። ጎረቤታችን ኡጋንዳ እ.ኤ.አ. በ2016 ካምፓላ የነበራት ብቸኛ የጨረር ሕክምና መሣሪያ ከጥገና በላይ ሆነ። ያረጀ የኮባልት መሣሪያ ነበር። ሕሙማንም እስከ ናይሮቢ ለመሄድ ተገደዱ።

ለአዲስ ማሽን ገንዘብ ያስፈልጋል፤ እውነት ነው። ነገር ግን የሚንከባከበው ሰው ከሌለ የተገዛውም ይቆማል። ያ ሰው የሚጀምረው ከፊዚክስ ክፍል ነው። ስለዚህ አንድ ሐሳብ አቀርባለሁ፤ በትምህርት ቤታችን የተበላሸ የላቦራቶሪ ዕቃ ወደ መጋዘን ከመወርወሩ በፊት፣ ተማሪዎች በመምህር እየታገዙ ፈትተው ይመርምሩት። ባይጠገን እንኳ ለምን እንደተበላሸ ያውቃሉ።