የእናት ልጅ ኩላሊትም ለሰውነት እንግዳ ነው



«ዶክተር፣ ኩላሊቷን የሰጠችኝ የእናቴ ልጅ ናት፤ ሥጋዬ ናት። ታዲያ ይሄን ሁሉ ኪኒን ዕድሜ ልኬን የምውጠው ለምንድን ነው?» ይህ ንቅለ ተከላ የተደረገላቸው ሰዎችና ቤተሰቦቻቸው ደጋግመው የሚያነሱት ጥያቄ ነው። ጥያቄው ተገቢ ነው። አደጋው ያለው መልሱን ሳይሰሙ ኪኒኑን በራስ ውሳኔ ማቆም ላይ ነው። መድኃኒቱ ሲቋረጥ በስንት መከራ የተገኘ ኩላሊት ሊበላሽ ይችላል፤ የሰጪዋም መሥዋዕትነት አብሮ ከንቱ ይቀራል።

እኔ ጠቅላላ ሐኪም ነኝ፤ ንቅለ ተከላ አልሠራም። ነገር ግን ንቅለ ተከላ የተደረገለት ሰው ትኩሳት ሲይዘው ወይም ተቅማጥ ሲያስቸግረው መጀመሪያ የሚመጣው እኛ ጋ ነው። ስለዚህ አቋሜን በግልጽ ልናገር፦ ለበሽተኛ «ንቅለ ተከላ ተደርጎልሃል» ማለት ብቻውን አይበቃም። «ከማን?» የሚለው አብሮ መነገር አለበት። ዕድሜ ልክ መድኃኒት መውሰድን ወይም አለመውሰድን የሚወስነው እሱ ነውና።

በሕክምና ትምህርት ላይ ለዚህ አራት ስሞች አሉ። ስሞቹ ከግሪክኛ የመጡ ናቸው፤ ትርጉማቸው ግን ቀላል ነው።

1. ከራስ ወደ ራስ፦ «ኦቶግራፍት» ይባላል። ለምሳሌ ከጭን ላይ ቆዳ ተወስዶ የተቃጠለ ክንድ ሲሸፈን።

2. ከተመሳሳይ መንታ፦ «አይሶግራፍት» ይባላል። ሰጪና ተቀባይ በዘረመል አንድ ናቸው። «ሲንጄኒክ» የሚለውን ቃል ወረቀታችሁ ላይ ካያችሁም ይህንኑ ማለት ነው።

3. ከሌላ ሰው፦ «አሎግራፍት» ይባላል። «አሎ» ማለት «ሌላ» ማለት ነው። እናት፣ አባት፣ እህት፣ ወንድም፣ የትዳር አጋር፣ የማያውቁት ሰው፣ ሁሉም እዚህ ውስጥ ይገባሉ።

4. ከእንስሳ፦ «ዜኖግራፍት» ይባላል።

ሦስተኛውን እንደገና አንብቡት። የወለደች እናት እንኳ በሕክምና አነጋገር «ሌላ ሰው» ናት። ቋንቋችን ደግሞ ተቃራኒውን ይነግረናል። «ሥጋዬ ደሜ» እንላለን፤ «የአንድ ማህፀን ልጆች» እንላለን፤ ልጁ ሲመሳሰል «ቁርጥ አባቱን» እንላለን። ለፍቅርና ለዝምድና እውነት ነው። የሰውነታችን የመከላከያ ሕዋሳት ግን ዝምድና አያውቁም። የሚያውቁት እያንዳንዱ ሕዋስ ላይ የተለጠፈውን መታወቂያ ነው። ከመታወቂያዎቹ ዋናው «ኤችኤልኤ» ይባላል። ከራሳቸው የተለየ መታወቂያ ያለው ሥጋ ሲያገኙ እንደ ወራሪ ቆጥረው ያጠቁታል። ሐኪሞች «ሰውነቱ ገፋው» የሚሉት ይህን ነው።

ይህ መታወቂያ የሚወረሰው ግማሹ ከእናት፣ ግማሹ ከአባት ነው። ስለዚህ ልጅ ከእያንዳንዱ ወላጁ ጋር የሚገጥመው በግማሽ ነው። ከአንድ እናትና አባት የተወለዱ ሁለት ልጆች ደግሞ በዚህ መታወቂያ ሙሉ በሙሉ የመግጠም ዕድላቸው 25 በመቶ፣ በግማሽ የመግጠም ዕድላቸው 50 በመቶ፣ ጭራሽ ያለመግጠም ዕድላቸው 25 በመቶ ነው። ሙሉ በሙሉ የገጠሙት እንኳ ሌሎች ትንንሽ ልዩነቶች ስለሚቀሯቸው ከመድኃኒት ነፃ አይሆኑም። የተሻለ መግጠም የተሻለ ውጤት ይሰጣል፤ አንድ ሰው መሆን ግን አይደለም።

ወላጆች ይህን በደንብ የሚረዱት በቃጠሎ ጊዜ ነው። ልጅ ላይ የፈላ ውኃ ወይም ትኩስ ወጥ ተደፍቶ ቃጠሎው ሲጠልቅ ሐኪሙ ከልጁ ከራሱ ጭን ቆዳ እንደሚወስድ ይናገራል። እናት ይህን ስትሰማ «እሱን ሌላ ቦታ ደግሞ ከምታቆስሉት ከእኔ ውሰዱ» ማለቷ የሚጠበቅ ነው። ከእናት አንጀት የወጣ ቃል ነው። ነገር ግን የእናት ቆዳ ልጁ ላይ ቢደረግ ለጊዜው ይሸፍን ይሆናል እንጂ በሳምንታት ውስጥ ይገፋል። የልጁ የራሱ ቆዳ ግን ይይዛል። ሐኪሙ ከልጁ የሚወስደው ጨክኖ ሳይሆን ሌላው ስለማይዝ ነው። ይህን ለእናትየው ቁጭ ብሎ ማስረዳት የሕክምናው አካል ነው ብዬ አምናለሁ።

ከዚህ ሕግ የሚወጣው አንድ ዓይነት ሰው ብቻ ነው፦ ተመሳሳይ መንታ። እዚህም ላይ ቋንቋችን ያምታታናል። «መንታ» የሚለው አንድ ቃል ሁለት የተለያዩ ነገሮችን ይዟል። አንድ ዕንቁላል ከአንድ ዘር ጋር ተገናኝቶ ጽንሱ ለሁለት ሲከፈል የሚወለዱት በዘረመል አንድ ናቸው። ሁለት ዕንቁላሎች ከሁለት ዘሮች ጋር ተገናኝተው የሚወለዱት ግን በአንድ ቀን የተወለዱ ወንድማማቾች ናቸው፤ ኩላሊት ቢሰጣጡ እንደማንኛውም የእናት ልጅ ይቆጠራሉ። የመጀመሪያው ዓይነት ብርቅ ነው። በዓለም ላይ ከ1,000 ወሊድ ውስጥ በ3 ወይም በ4ቱ ያህል ብቻ ይከሰታል።

የተሳካ የኩላሊት ንቅለ ተከላ ታሪክ የተጀመረው በእነዚህ ብርቅዬ መንትዮች ነው። ታኅሣሥ 14 ቀን 1947 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1954) አሜሪካ ቦስተን ውስጥ በፒተር ቤንት ብሪገም ሆስፒታል ዶክተር ጆሴፍ ሙሬይና ባልደረቦቹ የሮናልድ ሄሪክን አንድ ኩላሊት ወስደው ለመንታ ወንድሙ ለሪቻርድ ተከሉ። መንትዮቹ የ23 ዓመት ወጣቶች ነበሩ። ዶክተር ሙሬይ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የተቃጠሉ ወታደሮችን ሲያክም የሌላ ሰው ቆዳ እንደማይዝ በዓይኑ ያየ ሰው ነው። ስለዚህ ወደ ቀዶ ሕክምናው ከመግባታቸው በፊት ከአንዱ መንታ ትንሽ ቆዳ ወስደው ሌላው ላይ አደረጉ። ቆዳው ያዘ፤ ኩላሊቱም እንደሚይዝ አወቁ። በዚያን ጊዜ ዛሬ ያሉን የመከላከያ መድኃኒቶች አልነበሩም፤ ኩላሊቱ የያዘው ሁለቱ በዘረመል አንድ ስለነበሩ ብቻ ነው። ዶክተር ሙሬይ እ.ኤ.አ. በ1990 የሕክምና ኖቤል ሽልማት ተሰጠው።

በቅርቡም ተመሳሳይ ነገር ታይቷል። እ.ኤ.አ. በ2016 ፓሪስ በሚገኘው ሴንት ሉዊስ ሆስፒታል 95 በመቶ የሰውነት ቆዳው የተቃጠለ ሰው በተመሳሳይ መንታ ወንድሙ ቆዳ ሕይወቱ ተርፏል። ከራሱ የሚወሰድ ቆዳ አልቀረውም ነበር። የእናቱ ቆዳ ቢሆን በዘላቂነት አይዝም ነበር፤ የመንታው ግን እንደ ራሱ ያዘ።

ይህ ታሪክ ደስ ይላል፤ በግማሹ ሲሰማ ግን ይጎዳል። «ወንድሙ ሰጠው፣ ያለ መድኃኒት ዳነ» ብሎ የሚሰማ ሰው «የእኔም ወንድሜ ነው» ብሎ ሊያስብ ይችላል። በአገራችን በቅዱስ ጳውሎስ ሆስፒታል ሚሊኒየም ሕክምና ኮሌጅ የኩላሊት ንቅለ ተከላ የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. መጀመሪያ ላይ ሲሆን፣ ልገሳው የቆመው በሕይወት ባሉ የቤተሰብ አባላት ላይ ነው። ስለዚህ «ሥጋዬ ነው» የሚለው ስህተት በቀላሉ የሚፈጠረው እኛ ጋ ነው። ከእህት፣ ከወንድም፣ ከእናት ወይም ከአባት ኩላሊት የተቀበላችሁ ሁሉ የተደረገላችሁ ሦስተኛው ዓይነት፣ ማለትም «ከሌላ ሰው» የሚባለው ነው። እንደ ታክሮሊመስ፣ ማይኮፌኖሌትና ፕሬድኒሶሎን ያሉት መድኃኒቶች ኩላሊቱ እስካለ ድረስ በሐኪም ትእዛዝ ይቀጥላሉ። መግፋት ሲጀምር ብዙ ጊዜ ሕመም የለውም፤ መጀመሪያ የሚታየው በደም ምርመራ ላይ ክሬቲኒን ሲጨምር ነው። «ደህና ነኝ» ማለት «መድኃኒት አያስፈልገኝም» ማለት አይደለም፤ ደህና የሆናችሁት መድኃኒቱ ስላለ ነው።

መንታ ልጆች ያላችሁ ወላጆችም ልብ በሉ። ወንድና ሴት ከሆኑ የሁለት ዕንቁላል መንታ ናቸው። የደም ዓይነታቸው ከተለያየም እንደዚያው። አንድ የደም ዓይነት መሆናቸው ግን ተመሳሳይ መሆናቸውን አያረጋግጥም። በእንግዴ ልጅ ብዛት ብቻም አይታወቅም፤ ከ3 ጥንድ ተመሳሳይ መንትዮች 1 ጥንድ ያህሉ የየራሳቸው የእንግዴ ልጅ ይኖራቸዋል። በተቃራኒው የሁለት ዕንቁላል መንትዮች እንግዴ ልጆች ተጣብቀው አንድ ሊመስሉ ይችላሉ። የሚያረጋግጠው የዘረመል ምርመራ ነው። ለዕለት ተዕለት ኑሮ ምርመራው አያስፈልግም፤ የአካል ልገሳ ጥያቄ ከመጣ ግን በመልክ መፍረድ አይቻልም።

ተመሳሳይ መንታ መኖርም ሁልጊዜ የተሟላ መፍትሔ አይደለም። ሪቻርድ ሄሪክ ከንቅለ ተከላው በኋላ አግብቶ፣ ልጆች ወልዶ፣ 8 ዓመት ኖሮ እ.ኤ.አ. በ1963 አረፈ። ሰውነቱ ኩላሊቱን አልገፋውም፤ የቀድሞው የኩላሊት በሽታው ግን በአዲሱ ኩላሊት ላይ ተመልሶ መጣ። በመቅኔ ንቅለ ተከላ ደግሞ ነገሩ ይገለበጣል። ለአንዳንድ የደም ካንሰሮች የሌላ ሰው መቅኔ የቀሩትን የካንሰር ሕዋሳት እንደ ባዕድ አይቶ ያጠቃል፤ የተመሳሳይ መንታ መቅኔ ግን ይህን ስለማያደርግ ካንሰሩ የመመለስ ዕድሉ ይጨምራል። «ሙሉ በሙሉ ገጠመ» የሚለው ዜና ለኩላሊት ምርጥ ሆኖ ለሌላ በሽታ ላይሆን ይችላል።

አንድ ነገር ደግሞ አለ፦ ይሉኝታ። መንታ ወይም ምርጥ ገጣሚ መሆን ግዴታ አያመጣም። «ካንተ በቀር ማን አለው?» እየተባለ የሚሰጥ ኩላሊት ስጦታ አይባልም። ሰጪው ብቻውን ሐኪም የማነጋገር፣ የመጠየቅ፣ «አልችልም» የማለት መብት አለው። ቤተሰብ ይህን ቢያከብር ከልገሳው በኋላ የሚመጣ ቅሬታም ይቀንሳል።

አንዳንድ ባልደረቦቼ «ለበሽተኛ የግሪክኛ ቃል ምን ያደርግለታል?» ይላሉ። በቃሉ እስማማለሁ፤ በልዩነቱ ግን አልስማማም። አይሶግራፍት፣ አሎግራፍት ብሎ መሸምደድ ማንንም አያድንም። «የተተከለልዎት ከሌላ ሰው ነው፤ ሰጪዋ እህትዎ ብትሆንም ሰውነትዎ እንግዳ አድርጎ ያየዋል፤ መድኃኒቱን በራስዎ አያቁሙ» የሚል አንድ ዓረፍተ ነገር በአማርኛ፣ በሚነበብ ጽሑፍ፣ ከሆስፒታል ሲወጡ በሚሰጠው ወረቀት ላይ ቢሰፍር ግን ያድናል። ደግሞም ስም ያምታታው በሽተኛን ብቻ አይደለም። ድሮ ሐኪሞች ራሳቸው ከሌላ ሰው የተወሰደውን «ሆሞግራፍት» ይሉት ነበር፤ «ሆሞ» ማለት ደግሞ «ተመሳሳይ» ነው! ግራ ስላጋባ «ሌላ» በሚለው ቃል ተተካ። ባለሙያዎች ለራሳቸው ቃሉን ካስተካከሉ ለበሽተኛም ማስተካከል ይችላሉ።

እስከዚያው ድረስ እናንተ ጠይቁ፦

• የሚተከልልኝ (ወይም ለልጄ የሚተከለው) ከማን ነው? ከራስ፣ ከተመሳሳይ መንታ ወይስ ከሌላ ሰው?

• መንታ ከሆነ፣ ተመሳሳይ መሆናችን በምርመራ ተረጋግጧል?

• መድኃኒቱን ለምን ያህል ጊዜ እወስዳለሁ? አንድ ቀን ብረሳ ምን ላድርግ?

• መድኃኒቱ ከፋርማሲ ቢጠፋ ወይም ገንዘብ ቢያጥረኝ ማንን ልጠይቅ? (ሳያልቅባችሁ በፊት ተናገሩ።)

ወደ ማንኛውም ክሊኒክ ስትሄዱም ንቅለ ተከላ እንዳላችሁ አስቀድማችሁ ተናገሩ። ለምሳሌ ለቲቢ የሚሰጠው ሪፋምፒሲን በደም ውስጥ ያለውን የታክሮሊመስ መጠን ዝቅ ያደርጋል፤ የባህል መድኃኒቶችም ሊያዛቡት ይችላሉ። ሽንት ከቀነሰ፣ እግር ካበጠ፣ ትኩሳት ወይም ኩላሊቱ በተተከለበት ቦታ ሕመም ከመጣ ቀጠሮ አትጠብቁ።

እህታችሁ ኩላሊቷን የሰጠቻችሁ ስለምትወዳችሁ ነው። ሰውነታችሁ ግን ይህን አያውቅም፤ በየቀኑ በሰዓቱ የምትውጡት ኪኒን ነው ስጦታዋን የሚጠብቀው።

ንቅለ ተከላ የተደረገለት ወይም የሚጠባበቅ ሰው ካላችሁ ይህን ጽሑፍ አጋሩት።