የደመወዝ ይግባኝ ቀን ይቆረጥለት

የመንግሥት ሠራተኛ የእርከን ጭማሪው ሲዘለል፣ የዱቲ ክፍያው ሲቀር ወይም ከደመወዙ ያለአግባብ ሲቆረጥ አቤቱታው ከመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ ይነሣና በይግባኝ ወደ አስተዳደር ፍርድ ቤት ያመራል። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 37 ለፍርድ የሚበቃ ጉዳይ ያለው ሰው ሁሉ ውሳኔ የማግኘት መብት እንዳለው ደንግጓል። ቀን ያልተቆረጠለት ውሳኔ ግን ይህን መብት ባዶ ያደርገዋል።

በሮቤ በግል ዱቄት ፋብሪካ የሚሠራ ሰው ደመወዙን ሲከለከል የሥራ ክርክር ችሎት በ60 ቀናት ውስጥ እንዲወስንለት የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ያዛል፤ ይግባኝ ሰሚው ችሎትም እንዲሁ 60 ቀናት ተቆርጠውለታል። ይኸው አዋጅ የመንግሥት አስተዳደር ሠራተኞችን አይመለከትም። ከፋብሪካው ማዶ የምታስተምረው መምህርት የምትዳኘው በክልሉ ሕግ ነው፤ የመዳ ወላቡ ዩኒቨርሲቲ የአስተዳደር ሠራተኛ ደግሞ በፌዴራሉ። የፌዴራል መሥሪያ ቤትን የሚከስ ሰው መንገዱ ወደ አዲስ አበባ ነው፣ ከ400 ኪሎ ሜትር በላይ። ከሪራ የሚነሣ ሰው ጎባ ለመድረስ እንኳ ከ4,000 ሜትር በላይ ከፍታ ያለውን የሳኔቲ አምባ ያቋርጣል። ይህን ሁሉ ተጉዞ «ፋይሉ ገና አልታየም» የሚባል ሰው የጠፋበት ቀንና የትራንስፖርት ገንዘብ በየትኛውም ውሳኔ አይመለስለትም።

መዘግየቱ ራሱ ደመወዝ ይቆርጣል። ሐምሌ 22 ቀን 2016 የምንዛሪ ሥርዓቱ ሲለወጥ አንድ ዶላር ወደ 57 ብር ገደማ ነበር፤ በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አለፈ። ከዚያ በፊት የተከለከለ 3,000 ብር ዛሬ እንዳለ ቢመለስ የሚገዛው እህል ያኔ ከሚገዛው እጅግ ያነሰ ነው።

ይህ ጋዜጣ የሚለው፣ ፍርድ ቤቶች የደመወዝ ጉዳይን «እንደገና ታይቶ ይወሰን» ብለው ወደ መሥሪያ ቤት ሲመልሱ የውሳኔውን ቀን በትእዛዙ ላይ ይጻፉ ነው። በህንድ ከፍተኛ ፍርድ ቤቶች ይህ የተለመደ አሠራር ነው፤ እ.ኤ.አ. የ1985 የአገሪቱ የአስተዳደር ፍርድ ቤቶች ሕግም ይግባኙ ስድስት ወር ያለ መልስ ከቆየ ሠራተኛው ወደ ፍርድ ቤት እንዲሄድ ይፈቅዳል። ዝምታ የመልስ ያህል ይቆጠራል ማለት ነው። ጨፌ ኦሮሚያም ሆነ የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት 60 ቀናትን ለመንግሥት ሠራተኛውም በሕግ ቢያጸኑት ዳኞች በየመዝገቡ ቀን ከመፈለግ ያርፋሉ።

የመዝገብ ብዛትና የዳኞች ማነስ እውነተኛ ችግር ነው፤ የተቻኮለ ፍርድም ይጎዳል። ይሁን እንጂ አብዛኛው የደመወዝ ክርክር የሚያርፈው በወረቀት ላይ ነው፦ የቅጥር ደብዳቤ፣ የእርከን ሠንጠረዥ፣ ፔይሮል። ሦስቱም በመሥሪያ ቤቱ እጅ ናቸው። በተቆረጠለት ቀን ያላቀረበ መሥሪያ ቤት ክርክሩ በሠራተኛው ማስረጃ ቢወሰንበት ቅር ሊለው አይገባም።

ቀኑ ለውሳኔው ብቻ ሳይሆን ለክፍያውም መቆረጥ አለበት። የበጀት ዓመቱ ሰኔ 30 ይዘጋል፤ በሰኔ መጨረሻ የተፈረደለት ሠራተኛ ገንዘብ ጽሕፈት ቤት ሲደርስ «በጀቱ ተመላሽ ሆኗል» መባሉ አይቀርም። ስለዚህ ትእዛዙ ውዝፉ ከየትኛው ወር ደመወዝ ጋር እንደሚከፈል በስም ይጥቀስ፤ መሥሪያ ቤቱም በቀጣዩ ዓመት በጀት ላይ አስቀድሞ ያስይዘው።